ስለ ግብፅ የስኳሽ ሴቶች ጠየቅኩ፣ 23 መልስ መጣ

መድረካችን ላይ የውይይት ክሩን የከፈትኩት ማክሰኞ ሌሊት ነው፣ እንቅልፍ እምቢ ብሎኝ። ዩቲዩብ ላይ ወዲያ ወዲህ ስል የ2024ቱ (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ ነው የምቆጥረው) የዓለም የቡድን ስኳሽ ሻምፒዮና ቅንጭብ ፊቴ ድቅን አለ። ሆንግ ኮንግ፣ የሴቶች ፍጻሜ፣ ግብፅ ከአሜሪካ። ስኳሽ እንዲህ የሚፈጥን ነገር መሆኑን አላውቅም ነበር። በመስታወት የታጠረ ክፍል ውስጥ ሁለት ሴቶች ራኬት ይዘው ይሯሯጣሉ፣ ኳሷ ከግድግዳ ግድግዳ ትላጋለች፣ እኔ አልጋ ላይ ሆኜ ደከመኝ።

ከዚያ ጻፍኩ። ጥያቄዬ አጭር ናት። በአሁኑ ሰዓት፣ በየትኛውም ስፖርት፣ እንደ ግብፅ የሴቶች ስኳሽ ቡድን ተቀናቃኝ ያጣ ብሔራዊ ቡድን አለ ወይ? እኔ የለም ባይ ነኝ። በ2016፣ በ2018፣ በ2022 እና በ2024 በተከታታይ ዋንጫውን ወስደዋል። ከዚያ በፊት የ2008 እና የ2012 አለ። እዚህ ላይ ብቆም ኖሮ ጥሩ ነበር። እጄ ግን አላርፍ አለና በታሪክም በዋንጫ ብዛት አንደኛ እነሱ ናቸው ብዬ ጨመርኩበት። ይህቺ መስመር ኋላ ጉድ አደረገችኝ።

ክሩ እንዴት እንደሄደ ልንገራችሁ። ስም አልጠራም፣ ቁጥር ይበቃል።

1ኛው መልስ ምስጋና ብቻ ነው። 2ኛዋ ከሲያትል ናት፤ ርዕሱን አይታ የገባችው ስለ ዱባ መስሏት ነው። እዚያ ሱፐርማርኬት ውስጥ ስኳሽ ተብሎ የተጻፈበት ዱባ ነውና አልፈርድባትም። የዱባ ወጥ ፍለጋ መጥታ ግብፆች ራኬት ይዘው አገኘቻቸው። ይቅርታ ጠየቀች፣ ግን አልሄደችም፤ እስከ መጨረሻው ድረስ በሰው መልስ ሥር እየሳቀች ቆየች።

3ኛው ቁም ነገረኛ ነው። ቶሮንቶ የሚኖር፣ በሳምንት ሁለት ቀን የሚጫወት ሰው። ለማናውቀው ሁሉ በትዕግሥት አስረዳ። ተጫዋቾቹ እንደ ቴኒስ መረብ አይለያቸውም፤ አንድ ክፍል ውስጥ ናቸው፣ ተራ በተራ የፊቱን ግድግዳ ነው የሚመቱት። ክፍሉ 9.75 ሜትር ይረዝማል፣ 6.4 ሜትር ይሰፋል። ኳሷ ትንሽ ጎማ ናት፣ ሁለት ቢጫ ነጥብ አለባት፣ ከቀዘቀዘች አትነጥርም፤ መጀመሪያ ደጋግመው መትተው ያሞቋታል። አንዱ ጌም እስከ 11 ነጥብ ነው፣ ሦስት ጌም ቀድሞ የወሰደ አሸነፈ። ወደ ቡድኑ ሲመጣ ደግሞ፣ አንድ አገር አራት ተጫዋች ይዛ ትሄዳለች፣ በአንድ ግጥሚያ ሦስቱ ይሰለፋሉ፣ ሁለቱ ካሸነፉ አገሪቱ አለፈች። አሰላለፉ በጥንካሬ ቅደም ተከተል ነው። ጎበዟን ደብቆ ከደካማዋ ጋር ማጋጠም የለም፤ አንደኛዋ ከአንደኛዋ፣ ሦስተኛዋ ከሦስተኛዋ ነው የምትገጥመው። ይህቺን የመጨረሻዋን ነገር ያዙልኝ፣ እመለስባታለሁ።

4ኛው መልስ እኔን ሊያርም ነው የመጣው። በጣም ጨዋ ሰው ነው፣ እርስዎ እያለ ነው የጻፈልኝ፤ መድረክ ላይ እርስዎ ሲሉኝ ደግሞ ልቀጣ እንደሆነ አውቃለሁ። በዋንጫ ብዛት ግብፅ አንደኛ ሳትሆን ሦስተኛ እንደሆነች ነገረኝ። አውስትራሊያ 9 አላት፣ ከ1981 እስከ 2010 የለቀመችው። እንግሊዝ 7 አላት። በ1979 በርሚንግሃም ላይ የመጀመሪያውን ዋንጫ የወሰደው ቡድን ደግሞ የተመዘገበው በታላቋ ብሪታንያ ስም ነው፣ ለእንግሊዝ አይቆጠርም። የግብፅ 6 ነው። በሚቀጥለው ጊዜ ከመለጠፌ በፊት ባጣራ ደስ እንደሚለውም ጨመረ። ደስ ይበለው።

5ኛው መልስ የኔ ነው። ስህተቴን አመንኩ፣ መስመሯን ሰረዝኩ። ግን እጅ አልሰጠሁም። ከ2008 ወዲህ ሻምፒዮናው ስምንት ጊዜ ተካሂዷል፣ ስድስቱ የግብፅ ነው። ያመለጣቸው የ2010ሩ የአውስትራሊያ እና የ2014ቱ የእንግሊዝ ብቻ ነው። 6ኛው መልስ መጥቶ የ2020ውን ለምን ዘለልከው አለኝ፤ ማሌዥያ ላይ ሊካሄድ የነበረው በኮሮና ምክንያት ተሰርዟል፣ ያልተበላ ዋንጫ አልቆጥርም።

ክሩ መሞቅ የጀመረው 7ኛው ላይ ነው። ይህ ሰው ቡድን የሚባል ነገር የለም ባይ ነው። ያለችው ኑር ኤል ሸርቢኒ ናት፣ የቀሩት አጃቢ ናቸው ባይ ነው። ማስረጃውም ቀላል አይደለም። የአሌክሳንድሪያ ልጅ ናት፤ በ2009 ህንድ፣ ቼናይ ላይ የዓለም የወጣቶች ሻምፒዮን ስትሆን ገና 13 ዓመቷ ነበር። በ2025 ቺካጎ ላይ በነጠላ 8ኛ የዓለም ዋንጫዋን አነሳች። እሷን አውጧትና ግብፅን እናያታለን ብሎ ዘጋው።

8ኛው የቶሮንቶው ሰውዬ ነው፣ ለ7ኛው የሰጠው መልስ ለኔ የክሩ አስኳል ነው። አንድ ስም ብቻ ጠራ፦ ኒኮል ዴቪድ። ማሌዥያዊቷ ኒኮል ከ2006 እስከ 2015 ሳትወርድ የዓለም አንደኛ ሆና ቆይታለች። እሷም በነጠላ 8 የዓለም ዋንጫ አላት፣ ልክ እንደ ኑር። ማሌዥያ ግን የዓለም የቡድን ዋንጫ አንድም ጊዜ አላነሳችም። በ2014 ካናዳ ላይ ለፍጻሜ ደርሳ በእንግሊዝ ተሸነፈች። እንግሊዝ ላውራ ማሳሮ ነበረቻት፣ ከኋላዋ ደግሞ አሊሰን ዋተርስ። ኒኮል ብታሸንፍ እንኳ አንድ ነጥብ ናት። ሁለተኛዋን ነጥብ ማን ያምጣ?

እኔ ስጠይቅ ይህንን አላሰብኩትም ነበር። ቅድም ያዙልኝ ያልኳችሁ እዚህ ጋ ትመጣለች። ሦስተኛዋ ከሦስተኛዋ ስለምትገጥም ቡድን የሚለካው በኮከቧ አይደለም፣ ማንም ስሟን በማያነሳት በሦስተኛዋ ነው። የግብፅ ሦስተኛ ማን ናት? በ2024 ካይሮ ላይ ኑርን በነጠላ የዓለም ፍጻሜ ያሸነፈቻት ኑራን ጎሃር ናት። በ2025 ቺካጎ ላይ በፍጻሜ ኑርን የገጠመቻት ሃኒያ ኤል ሃማሚ ናት። ከእነዚህ አንዷ ሦስተኛ ሆና ትሰለፋለች ማለት ነው! ሌላ አገር ብትሆን ስሟ በስታዲየም ይሰየም ነበር። ከኋላቸው ደግሞ አሚና ኦርፊ አለች፣ በ15 ዓመቷ የዓለም የወጣቶች ሻምፒዮን የሆነችው። ዓመቱን ሙሉ እርስ በርስ ሲቦጫጨቁ ከርመው ታኅሣሥ ላይ አንድ ማሊያ ለብሰው አግዳሚ ላይ ይቀመጡና ለዚያችው ሰው ያጨበጭባሉ። ትናንት ዋንጫ ለነጠቀችኝ ሴት እኔ ከልቤ ማጨብጨቤን እንጃ።

9ኛው መልስ ቀዝቃዛ ውሃ ቸለሰብን። ብቻውን የሮጠ የሚቀድመው የለም ብሎ ጀመረ። ይህ የሀብታም ልጆች ጨዋታ እንደሆነ፣ ግማሹ ዓለም ኳሷን እንኳ አይቶ እንደማያውቅ፣ አባል ያልሆነ ሰው በሩን በማይረግጥበት ክለብ ውስጥ ያደጉ ልጆችን ጀግና ማለት እኛን እንደማያምርብን ጻፈ። እኔንም ስራ ፈት አለኝ። በዚያ ሰዓት ነቅቶ የሚጽፈው እሱ ራሱ ምን ይሠራ እንደነበር አልነገረንም።

10ኛዋ መልስ ስትመጣ ግን ሁላችንም ዝም አልን። ካይሮ፣ ማዓዲ ውስጥ አንድ ቤት አራት ዓመት የሠራች ልጅ ናት። የቤቱ ትንሿ ልጅ ያኔ 8 ዓመቷ ነበር፣ ስኳሽ ትማራለች። ከትምህርት ቤት ስትወጣ ምሳዋን መኪና ውስጥ ታበላታለች፣ ልብሷን ትቀይርላታለች፣ ከዚያ ቀጥታ ወደ ክለብ። የራኬት ቦርሳው ከልጅቷ ይበልጥ ስለነበር የምትሸከመው እሷ ናት። በሳምንት አምስት ስድስት ቀን እንዲህ ነው። አርብ ደግሞ ውድድር። ነጥብ መቁጠር በአረብኛ የተማረችው ከመስታወቱ ኋላ አግዳሚ ላይ ተቀምጣ ነው፤ እስከ ዛሬ ገበያ ስትቆጥር በዚያ ዜማ እንደሚመጣባት ጻፈች። ልጅቷ የተሸነፈች ቀን አባትየው መኪና ውስጥ ቃል አይተነፍስም፤ እናትየው መስኮቱን ታያለች፤ ልጅቷ ደግሞ የእሷን እጅ ይዛ ቤት ትገባለች።

ስለ ገንዘቡ 9ኛው ትክክል ነው አለች። የአባልነቱ፣ የአሠልጣኙ፣ በንዴት የሚሰበረው ራኬት፣ ሁሉም ብር ነው። የጥበቃው ልጅ ያንን ክፍል ከውስጥ አይቶት አያውቅም። እሷም የገባችው ቦርሳ ተሸካሚ ሆና ነው። ግን አንድ ያየችው ነገር አለ። ጎን ያለው ክፍል ውስጥ በቴሌቪዥን የሚያዩዋት ትልቅ ተጫዋች ትለማመዳለች። አንድ ቀን የልምምድ ጓደኛዋ አርፍዳባት ትንሿን ልጅ ጠርታ አሥር ደቂቃ መታችላት። ልጅቷ በዚያ ሳምንት ካልሲዋን አላሳጥብም አለች። ሌላ አገር ያለ ሀብታም ይህንን በምን ይገዛዋል ብላ ጠየቀች። ይህንን መልስ ሦስት ጊዜ አነበብኩት።

11ኛው ያው 9ኛው ሰውዬ ነው። ስለዚህ እኔ ልክ ነበርኩ ብሎ በአንድ መስመር አለፈ። ግማሹን አንብቦ።

12ኛው ጨዋው አራሚያችን ተመልሶ ነው፣ ይህ ነገር ከየት መጣ የሚለውን ሊያሟላልን። ስኳሽን ግብፅ ያስገቡት የእንግሊዝ ሹማምንት ናቸው። ኤፍ ዲ አምር ቤይ የተባለው ግብፃዊ ዲፕሎማት ከ1933 እስከ 1938 ብሪቲሽ ኦፕን የሚባለውን የስኳሽ ውድድር ስድስት ጊዜ በልቷል። ከዚያ ዘመን አለፈ፣ በ1996 ጊዛ ላይ ፒራሚዶቹ ሥር የመስታወት ሜዳ ተተከለ፣ አህመድ ባራዳ የሚባል ወጣት ለፍጻሜ ደረሰ፣ አገሩ አበደ። ያንን ያየ ወላጅ ሁሉ ለልጁ ራኬት ገዛ። ሴቶቹም እዚያው ውስጥ አደጉ። ኦምኔያ አብደል ካውይ በ2010 ሻርም ኤል ሼክ ላይ ለዓለም ፍጻሜ ደረሰች፣ ኒኮል አሸነፈቻት። ራኒም ኤል ወሊሊም በ2014 ካይሮ ላይ፣ በገዛ አገሯ፣ ለማሸነፍ አንድ ነጥብ ብቻ ሲቀራት ጨዋታው ከእጇ አመለጠ፤ ያመለጠው አሁንም ለኒኮል ነው። በሚቀጥለው ዓመት መስከረም ላይ ግን ራኒም የዓለም አንደኛ ሆነች፣ በየትኛውም ስፖርት ያንን ደረጃ የያዘች የመጀመሪያዋ ዓረብ ሴት። ዋንጫውን በ2017 ማንቸስተር ላይ አገኘችው፣ ያሸነፈችውም ኑርን ነው። ሰውዬው ሲጽፍ ይጣፍጣል፤ እርስዎ ማለቱን ቢተው ደግሞ ጓደኛ እንሆን ነበር።

13ኛው ላይ ጨዋታ ፈረሰ፣ ዳቦ ተቆረሰ። ግብፅ የሚል ቃል በርዕስ ላይ ካለ ዓባይ አይቀርም፣ እኔም እየጠበቅኩት ነበር። ስለ ውሃው እየተሟገትን የእነሱን ሴቶች ማወደስ ባንዳነት ነው የሚል መልስ መጣ። 14ኛው ግድቡ ተመርቆ አልቋል፣ ኳስ እንይበት አለ። 15ኛው ሁለቱንም ሰደበ፣ ዘር ቆጠረ፣ እዚህ አልደግመውም። 16ኛው አድሚኑ ነው። 15ኛውን አጠፋና ሌላ ከተደገመ ክሩን እንደሚቆልፈው አስጠነቀቀ። የሲያትሏ ልጅ ከዚህ ሁሉ ዱባው ይሻል ነበር ብላ ጣል አደረገች፣ ሠላሳ ላይክ አገኘች፤ የኔ ጥያቄ ሰባት ነበረው።

17ኛው ወደ ቤት የመለሰን ነው። አሰላ ያደገ፣ በወጣትነቱ ሮጦ የተወ ሰው። በነጠላ ስፖርት ውስጥ ቡድን ማለት ምን እንደሆነ ለኢትዮጵያዊ ማስረዳት አያስፈልግም አለ፤ አገር አቋራጭ አለ አይደል? እዚያ ከአንድ አገር ቀድመው የገቡ የአራት ሯጮች ደረጃ ይደመራል። አንደኛ የገባችው የኛ ልጅ ሆና ኬንያ በቡድን የወሰደችበትን ጊዜ ያስታወሰ ሰው የኒኮል ዴቪድን ነገር ወዲያው ይገባዋል። አራተኛዋ ሯጭ በጭቃ ውስጥ ስትታገል ካሜራው አያሳያትም፣ ዋንጫው ግን እሷ እግር ላይ ነው ያለው። ራሱ አራተኛ ሆኖ የሮጠበትን አንድ ቀን ሊነግረን ጀምሮ ተወው። ቀጥል ብለነው ነበር፣ አልቀጠለም።

18ኛው የኦሊምፒክን ነገር አነሳ። ስኳሽ በ2028 ሎስ አንጀለስ ላይ ለመጀመሪያ ጊዜ ይገባል፣ በ2023 ሙምባይ ላይ ነው የጸደቀው። ያለው ግን የወንድ ነጠላ እና የሴት ነጠላ ብቻ ነው፣ ቡድን የለም። ስንት ዘመን ለምነው በሩ ሲከፈት በጣም የሚያምረውን ውጭ ትተው ገቡ ማለት ነው። 19ኛው ደግሞ አንድ አገር የፈለገችውን ያህል ሰው እንደማታሰልፍ አስታወሰ፤ በዓለም ምርጥ ከሚባሉት የግብፅ ሴቶች ቤቷ ሆና በቴሌቪዥን የምታይ ትኖራለች። እኛ ማራቶን ላይ ሦስት ሰው ብቻ ተብሎ በየአራት ዓመቱ የምንጣላውን መጣላት እነሱም ሊቀምሱት ነው። እዚህ ላይ ትንሽ ደስ ያለኝ መሰለኝ። ክፉ ነኝ።

20ኛው ስለ አሜሪካ ቡድን አንድ ነገር ይዞ መጣ። በ2022 ካይሮ ላይ ግብፅን ለፍጻሜ የገጠመው ቡድን ውስጥ አማንዳ እና ሳብሪና ሶብሂ የሚባሉ እህትማማቾች ነበሩ። አባታቸው ግብፃዊ ነው፣ ራሱ የስኳሽ ተጫዋች የነበረ። ስለዚህ ግብፅ ከግብፅ ነው የተጫወተችው ብሎ ሳቀ። 21ኛዋ ሳቁን አልወደደችውም። ሲፋን ሀሰን ፓሪስ ላይ ትዕግሥት አሰፋን በሦስት ሰከንድ ስትቀድማት ኢትዮጵያ ከኢትዮጵያ ሮጠች ብለህ ነበር ወይ ብላ አፋጠጠችው። የዚያን ቀን ለሁለቱም ጮሆ ኋላ ድምፁን ያጠፋ ሰው ብዙ ነው ብላ ጨመረችበት። ሰውዬው አልመለሰም። እኔም የዚያን ቀን ለማን እንደጮኽኩ አልናገርም።

22ኛው አዲስ አበባ ያለ ልጅ ነው። አንድ ሆቴል ጂም ውስጥ ሲሠራ ጥግ ላይ የተቆለፈ ክፍል ነበር፣ ከፍ ያለ ግድግዳ ያለው፣ መስመር የተሰመረበት። የድሮ የስኳሽ ሜዳ መሆኑን ያወቀው ዛሬ ይህንን ክር አንብቦ ነው። እነሱ የሠርግ ወንበር ነበር የሚያከማቹበት። አንድ ጊዜ ወንበር ሲያወጡ የቴኒስ ኳስ ግድግዳው ላይ መትቶ በድምፁ መደንገጡን ጻፈ። ራኬት የት እንደሚገኝ ጠየቀ። የቶሮንቶው ሰውዬ በውስጥ መስመር አናግረኝ አለው፤ ክረምት ላይ የሚመጣ ሰው አለው መሰለኝ።

ያ ሁሉ አልፎ ማታ አራት ሰዓት ገደማ 23ኛው መልስ መጣ። 9ኛው ሰውዬ ነው። ይቅርታ አላለም፣ እሱም እንደዚያ ዓይነት ሰው አይመስለኝም። የሆንግ ኮንጉን ቅንጭብ ከላይ እስከ ታች አይቶታል። አንዷ ስትመታ ሌላዋ መንገድ ላይ ቆማ ትጋረዳታለች፣ ዳኛው አንዳንዴ ሌት ይላል፣ አንዳንዴ ስትሮክ ይላል፣ ሁለቱም ለሱ አንድ ናቸው፣ ዳኛው ለግብፅ ያደላል ብሎ ተናዶ ነው የመጣው። ሌት ሲባል ነጥቡ እንደገና ይደገማል፣ ስትሮክ ሲባል ግን መንገድ ለተዘጋባት ሴት ነጥቡ ይሰጣታል ብዬ እኔው ጻፍኩለት፣ ያንን ያወቅኩትም ከሁለት ሰዓት በፊት ነው። ሁለተኛው ጌም ላይ ያለችው ግን ስትሮክ ልትሆን አትችልም ብሎ ደቂቃውን ጠቅሶ መለሰልኝ። ሄጄ አየሁት። ወደ ኋላ መለስኩት። አሁንም እያየሁት ነው።